ስሙን የቆረጥኩት እኔ ነኝ

እውነት ነው። ማመን አለማመን የእናንተ ፋንታ ነው፤ አልለምናችሁም።

አንድም ቃል አልጨመርኩበትም። የእኔ ጥፋት መጨመር አይደለም... መቁረጥ ነው።

የሆነው በሚያዝያ ነው። ቅዳሜ፣ ከቀኑ ሰባት ሰዓት፣ ኮምቦልቻ። ጠራራ ፀሐይ ላይ። ጨለማ የለ፣ ጅብ የለ፣ መቃብር የለ። አምስት መቶ ሰው ቆሞ እያየ ነው የሆነው። ዛሬ ከአምስት መቶው አንዱን ብትጠይቁት ግን ትከሻውን ነቅንቆ ያልፋችኋል።

ቆይ፣ ከመጀመሪያው ልንገራችሁ።

አግማስ እባላለሁ። ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር፣ አንዲት ጠባብ ክፍል አለችኝ። ግድግዳዋን በስፖንጅ ለብጬ ስቱዲዮ ብያታለሁ። ራፐሩ ሙንዚር አብሮ አደጌ ነው። የመጀመሪያ አልበሙን እዚያች ክፍል ውስጥ ቀዳን፤ ከተማው አበደለት። ባጃጁም፣ ሚኒባሱም፣ ፀጉር ቤቱም እሱን ነበር የሚያስጮኸው። ጥሬ ራፕ ነበር።

ለሁለተኛው ግን ልቡ ሌላ ነገር ፈለገ።

«ራፑን ከመንዙማው፣ ከአምባሰሉ፣ ከድቤው አደባልቀዋለሁ» አለኝ። «መክፈቻው ደግሞ የቅሬ ጡሩምባ ይሆናል።»

ቅሬ እኛ ጋ ዕድር ማለት ነው። ሰው ሲሞት ጡሩምባ ነፊው ጠዋት በየሰፈሩ እየዞረ ይነፋል፤ የሟቹን ስም ይጠራል፤ የቀብሩን ሰዓት ይናገራል። ሙስሊም ክርስቲያን ሳይል ሁሉም ነጠላውን ጣል አድርጎ ይወጣል።

ሆጤ ሰፈር ሄደን ጡሩምባ ነፊውን ጋሽ ጸጋውን ለመንናቸው። ሠላሳ ዓመት ሲነፉ የኖሩ ሰው ናቸው።

«ለማን ነው የምነፋው?» አሉ።

«ለማንም አይደለም ጋሼ። ድምፅዎን ብቻ ነው የምንፈልገው» አለ ሙንዚር።

«ማን ሞተና?»

«ማንም አልሞተም።»

ጡሩምባውን በጋቢያቸው ሸፈኑት።

«ስም ሳይኖር አይነፋም። ሕዝቡን ስማ ብለህ ካስቆምከው በኋላ ስም ካልሰጠኸው...» አሉና አቋረጡት። «ሂዱ ልጆቼ። በደህና ግቡ።»

እምቢ ሲሉን አርፈን መቀመጥ ነበረብን። አላረፍንም።

ጥር ውስጥ አንድ ጠዋት ሆጤ ሰው ሞተ። ሙንዚር ብቻውን ሄዶ፣ አጥር ጥግ ቆሞ፣ የጋሽ ጸጋውን ጥሪ በስልኩ ቀዳው። ላከልኝ።

የሟቹን ስም መቁረጥ የእኔ ሥራ ነበር። ስሙን እንኳን አልሰማሁትም። ላፕቶፑ ላይ ድምፁ የሚወጣ የሚወርድበትን መስመር በዓይኔ አይቼ፣ እዚህ ጋ ነው ብዬ ቆረጥኩት። ጣልኩት። የጣልኩበትንም አጸዳሁት።

የቀረው ይኼ ነው።

«ስማ! ያልሰማህ ስማ! የሰማህ ላልሰማ አሰማ!»

ሁለት ሰከንድ ዝምታ...

«ቀብሩ ስምንት ሰዓት ነው!»

ከዚያ የራፑ ምት፣ ቢቱ ይገባል። ቆንጆ ነበር። እውነቴን ነው፣ በሥራዬ ኮራሁ።

አልበሙ በወጣ በማግስቱ ስድብ ዘነበብን።

«ራፑን ገደልከው።»

«መንዙማ የነካህበት እጅህ ይሰበር።»

«ዘፈን ነው ለቅሶ? ለይልን።»

ይኼን ጠብቀነው ነበር። አዲስ ነገር ሲቀርብለት አፍንጫውን የሚይዝ ሰው መቼም አይጠፋም። እኔም ቁጭ ብዬ መልሼ ስሳደብ ዋልኩ፤ አልዋሽም።

ከዚያ ግን አንድ ኮመንት መጣ።

«የወንድሜን ስም ለምን ጠራህ? ወንድሜ እኮ በሕይወት አለ።»

ከሥሩ ሌላ ሰው...

«የምን ወንድም? የእናቴን ስም ነው የጠራው!»

ከዚያ ሦስተኛ። አሥረኛ። ሠላሳኛ። ሁሉም ይረግሙናል፤ ሁሉም የየራሳቸውን ሰው ስም ይጽፋሉ። አንዱ ስም ከሌላው አይገጥምም።

ከፍቼ ሰማሁት። ሁለት ሰከንድ... ምንም የለም።

«ተባብረው እያሾፉብን ነው» አልኩት ሙንዚርን።

ሐሙስ ረፋዱ ላይ የስቱዲዮዬ በር ተንኳኳ። የሙንዚር እናት፣ እትዬ ኡሙሰልማ ናቸው። ሻርፓቸው ወደ ኋላ ሸሽቷል። ስልካቸውን በሁለት እጃቸው ይዘውታል።

«አግማስ፣ የኔ ልጅ... ልጄን ለምን በቅሬ ታስጠሩብኛላችሁ?»

«ማንም አልጠራውም እትዬ።»

«ወላሂ በጆሮዬ ሰማሁት! ከነአባቱ ነው የጠራው። ሙንዚር በሺር አለ።»

ዘፈኑን እፊቴ ከፈቱት። ጡሩምባው ጮኸ። ዝምታው ላይ ሲደርስ እኔ ምንም አልሰማሁም... እሳቸው ግን በጥፊ እንደተመታ ሰው ደነገጡ።

«ይኸው! ይኸው ጠራው!»

ክንዴን ያዙኝ። 

«አንድ ነው ያለኝ። አንድ ልጄን አትርፍልኝ።»

የዚያን ጊዜ ፈራሁ። ሰው ሊያሾፍብኝ ይችላል፤ እናት ግን በልጇ ሞት አታሾፍም።

ዘፈኑን ከተጫነበት ሁሉ አጠፋሁት። ምን ዋጋ አለው፣ በየሰው ስልክ ገብቷል። ቁጭ ብዬ አሰብኩ። የቆረጥኩት ስም ቦታው ቢመለስስ? ባለቤቱ ከገባበት ሌላ ሰው አይጠራበትም።

ሙንዚር ጋ ደወልኩ።

«ያን ጠዋት የሞተው ሰው ማን ነበር?»

«ማን ነበር... ስሙን ሰምቼው ነበር እኮ... ጠፋኝ።»

በባጃጅ ሆጤ በረርኩ። ጋሽ ጸጋው በራቸው ላይ ፀሐይ ይሞቃሉ።

«ጋሼ፣ ጥር ላይ... ቀብሩ ስምንት ሰዓት ያሉት ቀን፣ ለማን ነበር የነፉት?»

አሰቡ። ግንባራቸውን አሹ።

«ቀብረናል። ቃሬዛውን እኔው ራሴ ተሸክሜያለሁ። ማን እንደነበር ግን... አልመጣልህ አለኝ።»

የቅሬውን መዝገብ አወጡ። ቀኑ አለ። ሰዓቱ አለ። የስሙ ቦታ ላይ ምንም የለም። አልተፋቀም፣ አልተሰረዘም። ከላይም ከታችም የሌሎች ሟቾች ስም ተጽፏል፤ መሃል ላይ ንጹሕ ወረቀት።

ጋሽ ጸጋው መዝገቡን ትተው እኔን አዩኝ።

«አንተ ነህ የወሰድከው?» አሉ በሹክሹክታ።

«ልመልሰው ነው የመጣሁት» አልኩ።

በጣታቸው ማዶ ያለውን ሰማያዊ በር አሳዩኝ። «ድንኳኑ እዚያ ነበር የተተከለው። የሰልዋ ቤት ነው።»

ሄጄ አንኳኳሁ። በሩ ተከፈተ፤ መጋረጃው ግን አልተገለጠም። ከኋላው የሴት ድምፅ መጣ።

«ማነው?»

«ይቅርታ እህቴ... የሞተብሽ ሰው ማን ነበር?»

መጋረጃውን ከውስጥ ጨብጣ ያዘችው።

«ኢዳ ላይ ነኝ» አለች።

ኢዳ ባል የሞተባት ሴት ከቤቷ የማትወጣበት አራት ወር ከአሥር ቀን ነው።

«ቀኑን እቆጥራለሁ። ለማን እንደምቆጥር ግን አላውቀውም። ባል ነበረኝ... መሰለኝ።»

«መሰለኝ?»

«በሩ ላይ የወንድ ጫማ አለ። በየቀኑ እጠርገዋለሁ። አንተ የማን እንደሆነ ታውቃለህ?»

ወደ ታች አየሁ። ጥቁር ጫማ። ያብረቀርቃል።

እግሬ አውጪኝ አልኩ።

ሙንዚርን የቅዳሜውን የኮምቦልቻ ኮንሰርት ሰርዝ ብዬ ለመንኩት። ደም ፍላት ይዞታል፤ ያን ሁሉ ስድብ በልቶ የሚሰማ ጆሮ የለውም።

«ተሰደብኩ ብዬ ልደበቅ? ፊት ለፊት ቆመው ይስደቡኝ!»

«የመክፈቻው ድምፅ አይገባም በለኝ። እናትህን እዘንላቸው።»

«ውሰደው። አልፈልገውም» አለኝና ዘጋው።

ዓርብ እለት ከላፕቶፑ ላይ በእጄ አጠፋሁት። ሁለት ጊዜ አረጋገጥኩ። የለም።

ቅዳሜ ወደ ኮምቦልቻ ወረድን። ሙቀቱ ያፍናል። ሕዝቡ ሊሰማ አልመጣም፤ ሊያዋርድ ነው የመጣው። ሙንዚር ገና ብቅ ከማለቱ ጩኸቱ ተነሣ።

«ውረድ! ውረድ!»

የውሃ ፕላስቲክ ተወረወረ። አንዱ ትከሻውን መታው። እትዬ ኡሙሰልማ መድረኩ ጥግ፣ ላፕቶፑን ይዤ ከቆምኩበት ጎን ተቀምጠው፣ መቁጠሪያቸውን፣ ሙስበሃቸውን ይቆጥራሉ። ዓይናቸው ከልጃቸው ላይ አይነሣም።

መክፈቻውን ዘልዬ ሁለተኛውን ዘፈን ከፈትኩ።

የወጣው ጡሩምባ ነው።

ድምፁን ቀነስኩ። አልቀነሰም። ላፕቶፑን ዘጋሁት። አልቆመም። ሶኬቱን ነቀልኩት...

«ስማ! ያልሰማህ ስማ!»

ሕዝቡ ጸጥ አለ። አንዳንዱ ጆሮውን ያዘ።

«የሰማህ ላልሰማ አሰማ!»

ሙንዚር ሕዝቡን አየ። መንጋጋው ተቆልፏል። ያን ፊቱን ከልጅነታችን ጀምሮ አውቀዋለሁ፤ ሊደባደብ ሲል ነው። ራፐር ሰው ሲጮህበት የሚያውቀው አንድ መልስ ነው... የራሱን ስም መጥራት።

ማይኩን ወደ አፉ አነሣ።

«ሙንዚር፣ ዝም በል!» ብዬ ጮህኩ።

እናቱ ብድግ አሉ።

«ሙንዚር በሺር!» አለ፤ ባለ በሌለ ኃይሉ።

ስሙ ባዶዋ ሁለት ሰከንድ ውስጥ ልክክ ብሎ ገባ።

«ቀብሩ ስምንት ሰዓት ነው!»

ድምፁ ቆመ።

ማንም አልጮኸም። ማንም አልተሳደበም። አምስት መቶ ሰው እርስ በርሱ ተያየ፤ ጓዳ ገብቶ ምን ልወስድ ነበር እንደሚል ሰው።

መድረኩ ላይ ማይኩ ወድቋል። ሰው የለም።

ሮጬ ወጣሁ። ከኋላ አየሁ፣ ከሥር አየሁ። በአንድ በኩል ግንብ ነው፣ በሌላው በኩል እኔ ነበርኩ። የሚወጣበት መንገድ የለም።

መድረክ መሪው ወረቀቱን ይዞ መጣ። ቢያየው ቢያየው አልሆነለትም።

«ይቅርታ... ዛሬ የሚዘፍነው ማን ነበር?»

ከሕዝቡ አንዳንዱ ሳቀ። መበተን ጀመሩ።

ወደ እትዬ ኡሙሰልማ ዘለልኩ።

«እትዬ! ሙንዚር የለም! ሙንዚር ጠፋ!»

ቀና ብለው አዩኝ። ፈገግ አሉ። ያ የሐሙሱ ፍርሃት ከፊታቸው ላይ የለም፤ ጨርሶ የለም። ይኼን ሳይ ነው እኔ መጮህ የጀመርኩት።

«ኧረግ፣ አግማስ! ደህና ዋልክ? እኔ እዚህ ምን ልሠራ መጣሁ አንተ?»

ከዚያ ወዲህ በየቀኑ ስቱዲዮ ይመጣሉ። በሩ ላይ ይቆማሉ። አይቀመጡም።

«የኔ ልጅ፣ አንድ ነገር ልጠይቅህ ነበር የመጣሁት። ምን ነበር?»

እነግራቸዋለሁ። በየቀኑ እነግራቸዋለሁ። ስሙን ከነአባቱ እጠራላቸዋለሁ። እሳቸው አፌን ያያሉ፤ ጆሯቸውን ያስጠጋሉ።

«አልሰማሁህም። እስቲ ድገምልኝ።»

እደግመዋለሁ።

«አሁንም አልሰማሁህም።»

ትናንት ቸገረኝና ነጭ ወረቀት ላይ በትልቁ ጻፍኩት። ሙንዚር በሺር። ሰጠኋቸው። ተቀብለው አገላበጡት። ወደ ብርሃን አቅንተው አዩት።

«ባዶ ወረቀት ምን ላድርገው ብለህ ነው?»

መልሰው ይሰጡኛል ብዬ እጄን ዘረጋሁ።

አልሰጡኝም። ቀስ ብለው አጠፉት፣ ደግመው አጠፉት፣ ደረታቸው ውስጥ ከተው በመዳፋቸው ያዙት። እንባቸው በጉንጫቸው ወረደ። በጣታቸው ነክተው እርጥቡን አዩትና ወደ እኔ ዞሩ።

«አግማስ... እኔ ምን ሆኜ ነው የማለቅሰው?»