ሰላምታ የተከለከለበት ሸለቆ

በቆይታ ሸለቆ ለሚሠሩ ሰዎች ሰላምታ ክልክል ነው። ማሠልጠኛው ከሁሉ አስቀድሞ የሚያስተምረው ይህንኑ ነው፤ የማሽኑ ነገር ከዚያ በኋላ ይመጣል። ሸለቆው በጠለቀ መጠን ጊዜው ይንቀረፈፋል። ወለሉ ላይ ያለ ሰው አንዴ እስኪተነፍስ፣ አፋፉ ላይ ባለችው ከተማ አምስት ዓመት ያልፋል። ድሮ ሁለት ሠራተኞች ገና አጋማሹ ላይ አሳንሰሩ በር ደርሰው፣ አንዱ «ይቅደሙ» ሲል ሌላው «ኧረ በሞቴ፣ እርስዎ ይቅደሙ» ሲል ቆዩና ሲወጡ ልጆቻቸው ተድረው፣ ቤታቸው ሌላ ሰው ገብቶበት አገኙት። ከዚያ ወዲህ ሥልጠናው ብልግናን ያስተምራል፤ ገፍትሮ መግባት፣ ሲጠሩ ዝም ማለት፣ ለማንም እጅ አለመንሳት።

በዚህ ትምህርት ወይንሐረግን የሚያህላት አልነበረም። አመሉ ቤቷ ድረስ ተከትሏት ስለገባ ጎረቤቶቿም «እንደምን አደርሽ» ማለቱን ከተዉ ሰነበቱ። ዛሬ ጠዋት የስድስት ዓመት ልጇን ሶስናን ሹሩባ እየሠራቻት ሳለ የሥራ ደወል ተደወለ። የግራውን ጎን ጨርሳ «የቀኙን ስመለስ» ብላት ወጣች። ሶስና እስከ አፋፉ ተከትላ እጇን አውለበለበችላት። ወይንሐረግ አየቻት፣ ግን አጸፋውን አልመለሰችም። የሥራ ልብስ የለበሰ ሰው አይመልስም፤ ሕጉ ነው።

የምትወርደው አባቷን ልታወጣ ነው። አጥናፉ ሕጉ ከመውጣቱ በፊት፣ እሷ የስምንት ዓመት ልጅ ሳለች ከሁሉ ቀድሞ ወለሉን ረገጠ፤ ወዲያውም የወረደበት ገመድ ተበጠሰ። ሠላሳ ዓመት በቴሌስኮፕ ስታየው ኖረች። ትምህርት ቤት ሳለች ፊቱን ቀስ በቀስ ወደ ላይ አዞረ። ስታገባ ቀኝ እጁ ከወገቡ ተነሥቶ ነበር፤ ሶስና ስትወለድ ትከሻው ደረሰ። ገሚሱ ሰው ፀሐይ ሊከልል ነው ይላል፣ ገሚሱ እርዳታ ሊጠራ ነው ይላል።

አሁን እስከ ወለሉ የሚደርስ ጎጆ ተሠርቷል። ጎጆ የሚሉት የአፋፉን ሰዓት በሆዱ ይዞ የሚወርድ የብረት ክፍል ነው፤ በሩ እስካልተከፈተ ድረስ ውስጡ ያለ ሰው ከላይ ካሉት እኩል ያረጃል። አጥናፉን የሚያነሣው በውጭ በኩል የተገጠመው የብረት ክንድ ነው፤ አንሥቶም ከኋላ ባለው ዝግ ክፍል ያስገባዋል።

ጎጆው ወለሉን እንደነካ ክንዱ ተዘረጋ፤ ግማሽ መንገድ ላይ ቀጥ አለ። ደግማ ሞከረች። የሸለቆው ጊዜ መጋጠሚያው ውስጥ ገብቶበታል። ክንዱ አልተሰበረም፣ ይንቀሳቀሳል፤ አባቷ ጋ የሚደርሰው ግን ሶስና ካረጀች በኋላ ነው።

«ተዪው፣ ውጪ» አላት በሬዲዮ አያልነህ፤ ጎጆውን ከአፋፉ ሆኖ የሚቆጣጠረው እሱ ነው።

«ሌላ ጊዜ ይፈቅዱልናል?»

«ሸለቆው ሊደፈን እንደሆነ ታውቂያለሽ። ይኼ የመጨረሻው ነው። ልጅሽ እዚህ ቆማ እየጠበቀችሽ ነው፣ ወይንሐረግ።»

በሩን ብትከፍትና አባቷ ዘሎ ቢገባ አንድ ሁለት ዓመት ይባክናል፤ እሱስ ይቻላል። የፈራችው ሌላ ነው። አባቷ ለሕፃን እንኳ ከመቀመጫው ብድግ የሚል ሰው ነበር። ጥላው ልትወጣ እጇን ወደ ማንሻው ሰደደች፤ አልቻለችም። በሩን ከፈተችው።

ሬዲዮው አንዴ ጮኾ ጸጥ አለ።

«ግባ» አለችው።

አጥናፉ በዕድሜ የምትበልጠው ሴት ከፊቱ ቆማ አየ። ባርኔጣውን አውልቆ እጅ ነሣ። «እንደምን ዋሉ፣ እመቤት? ኧረ እርስዎ ይቀመጡ።»

«ግባ አልኩህ።»

«እሺ። ልጄ እላይ ሆና እጇን እያውለበለበችልኝ ነበር፤ አጸፋውን ልመልስላትና።»

ወይንሐረግ ልጅህ እኔ ነኝ ብትለው ጥያቄው ይከተላል፣ እቅፉ፣ ለቅሶው ይከተላል። ሶስና ያን ሁሉ ዕድሜ አትጠብቅም። ኮሌታውን ጨምድዳ ወደ ውስጥ ወረወረችውና በሩን ዘጋችው።

ጎጆው ሽቅብ ሲጓዝ አጥናፉ ኮሌታውን አስተካከለ። «ለመሆኑ ማን ነው ያሳደገሽ?» አላት።

«ወይንሐረግ ነኝ፣ አባዬ» አለችው።

ፊቷን ሲመረምር ቆየ። ቅንድቧ ላይ ያለውን፣ በልጅነቷ ከደረጃ ወድቃ የቀረባትን ጠባሳ አየ። ከዚያ የጀመረውን እጁን አንሥቶ፣ አጠገቡ ለቆመችው ልጁ አውለበለበላት። ሁለቱም አለቀሱ።

አፋፉ ላይ በሩን የከፈተላቸው አያልነህ አልነበረም። የሥራ ልብስ የለበሰች ወጣት ሴት ነበረች፤ ፀጉሯ እስከ ሥሩ ተከርክሟል። ክንዳቸውን ይዛ አንድ በአንድ ጎተተቻቸው። ከኋላዋ በሰፊው መንገድ ሰው ይተላለፋል፤ ቀና ብሎ የሚተያይ ግን የለም። የሚሰማው የእግር ኮቴ ብቻ ነው፤ የሸለቆው ሕግ ወደ ከተማው ወጥቷል።

ወይንሐረግ ዓይኖቿን አወቀቻቸው። «ሶስና» አለቻት።

«አዎ። ውጡ። እናንተን ስንጠብቅ ነው ሸለቆው እስከ ዛሬ ሳይደፈን የቆየው።»

አጥናፉ ባርኔጣውን አውልቆ ጎንበስ አለ። «እንደምን ዋልሽ፣ ልጄ?»

ሶስና ወደ እናቷ ዞረች። «ምን እያለኝ ነው?»

«ሰላም እያለሽ ነው።»

«ለምን?»

ወይንሐረግ ያን ጠዋት ያልመለሰችው አጸፋ ትዝ አላትና እጇን ቀስ ብላ ወደ ልጇ አነሣች።

ሶስና ልትመታት መስሏት ፊቷን በክንዷ ከለለች።