ብቸኛ ሁኑ የተባልን ቀን

ኦሳካ ውስጥ የምሠራበት የካልሲ ፋብሪካ ከተዘጋ ወዲህ ያገኘሁት የመጀመሪያ ሥራ ፊልም ላይ ብቸኛ መምሰል ነበር። ንግግር የለኝም። ርካሽ ኑድል ቤት ቁጭ ብዬ፣ ሥራ ያጣ ወጣት ፊት ለፊቴ ሲበላ እንዳላየሁት መሆን ብቻ። ይኼማ ምን ያቅታል!

ወጣቱ ሶኪቺ ይባላል። ገና ቀረጻው ሲጀመር ዓይን ለዓይን ተጋጨን። ማንም ሰው ከልጅነቱ የሚለምደው ሰላምታ ነውና ሁለታችንም እኩል ጎንበስ ብለን እጅ ነሣን።

«አቁም!» አለ ዳይሬክተሩ ኩራሃሺ። «አትተዋወቁም እኮ! እዚህ ከተማ ሰው ለሰው ባዳ ነው!»

«ይቅርታ» ብለን ለእሱም እጅ ነሣን።

እንደገና ተጀመረ። ሶኪቺ ሳህኑ ላይ አቀረቀረ። ቀና ሲል አየሁት፤ አሁንም ጎንበስ አልን። ይኼኔ ሳቄ አመለጠኝ።

ኩራሃሺ ባርኔጣውን መሬት ላይ ወረወረ። «አንቺ ሚኖሪ! አሁን ብትስቂ በሌላ ሴት እቀይርሻለሁ!»

ይህ ሥራ ከቀረ ሻንጣዬን ይዤ ወደ እናቴ መንደር መመለሴ ነው። እውነቱን ለመናገር ግን ከሥራው ይልቅ ያን ልጅ ዳግመኛ አለማየቱ ነው የከበደኝ።

በመጨረሻ ጀርባ ለጀርባ አስቀመጡን። ካሜራው እኔ ፊት ላይ ተተከለ። ድምፅ አይቀዳም፣ በኋላ ሙዚቃ ይገባበታል ተባለ።

«ሚኖሪ» አለኝ ሶኪቺ ከኋላዬ በሹክሹክታ።

«ዝም በል፤ ልታስባርረኝ ነው!» አልኩት ከንፈሬን ሳላንቀሳቅስ።

«እኔ የእውነትም ሥራ የለኝም። ቤቴ ያፈሳል። ሳበስል አሳርራለሁ።»

«ታዲያ እኔ ምን ላድርግህ?»

«ብቻዬን መብላት ሰለቸኝ። ከዛሬ ጀምሮ አብረን እንብላ?»

ሳቄን እንደምንም ዋጥኩት። ደስታዬ ግን አልዋጥ አለኝ፤ እንባዬ ዱብ ዱብ አለ።

«አቁም!» ኩራሃሺ ዓይኑ እንባ አቅርሮ እየሮጠ መጣ። «ይኼን ሁሉ ብቸኝነት ከየት አመጣሽው?»

«ኧረ እኔ እንጃ፣ ጌታዬ» አልኩት።

ፊልሙ ሲወጣ ሄደን አየነው። ያ ፊቴ መጋረጃውን ሞልቶ እንባዬ ሲወርድ፣ አጠገባችን የተቀመጡ እናት እንባቸውን በእጃቸው እየጠረጉ «ምስኪን! አንድ ሰው እንኳ የላትም!» አሉ።

ባሌ እጄን ሳይለቅ መሐረቡን አውጥቶ ሰጣቸው።