የተሰረዘው ምስል

የልብስ ስፌት ፋብሪካው ባለቤት ሬሳ የተገኘው ከካሜራዎቹ ማያ ፊት ለፊት፣ ወንበሩ ላይ እንደተቀመጠ ነው። አንገቱ ላይ የጨርቅ መለኪያ ሜትር ተጠምጥሟል። ከዚያች ክፍል ሆኖ ሠራተኛውን ሁሉ ሲያይ የኖረ ሰው፣ የራሱ በር ግን እንዳይታይ አድርጎ ነበር።

የመተላለፊያው ካሜራ ያን ጠዋት ሦስት ሰዎች በዚያ ሲያልፉ አሳይቷል፦ ሚስቱ፣ ታናሽ ወንድሙና ሠራተኞቹ «እታለም» የሚሏት የሰፊዎቹ አለቃ። መርማሪዋን ያስገረማት ግን ሌላ ነው። የአንድ ካሜራ ምስል ብቻ ተሰርዟል። ገመዱን ተከትላ ብትሄድ ሴቶቹ ልብስ ከሚቀይሩበት ክፍል ደረሰች። ካሜራው የግድግዳ ሰዓቱ ውስጥ ተደብቋል።

ስለ ካሜራው ለማንም ሳትናገር ሦስቱን ተራ በተራ እዚያው አነጋገረቻቸው። ሚስትየው ባሏ ስልኳን ይጠልፍ እንደነበር፣ ከእናቷ ጋር ያወራችውን እራት ላይ መልሶ ይነግራት እንደነበር እንባ ሳይወጣት ተናገረች። ወንድምየው ላቡን እየጠረገ ምንም አላውቅም አለ። እታለም ሥራ ላይ ነበርኩ ብቻ አለች። መርማሪዋ እያንዳንዳቸውን ስታሰናብት ሰዓት ስንት እንደሆነ ጠየቀቻቸው። ሚስትየውና ወንድምየው ቀና ብለው ግድግዳውን አዩ። እታለም ስልኳን ከኪሷ አወጣች።

ከሰዓት በኋላ ሦስቱን በሟቹ ክፍል ሰበሰበቻቸው።

«ገዳዩ ራሱን መደበቅ ቢፈልግ የመተላለፊያውን ምስል ይሰርዝ ነበር» አለች። «የሰረዘው ግን የሴቶቹን ብቻ ነው። ስለዚህ ካሜራውን ያውቃል፣ ለሴቶቹም ይቆረቆራል። እታለም፣ ሰዓቱ ፊት ለፊትዎ ነበር፤ ቀና ብለው ማየት አልቻሉም።»

እታለም አልካደችም። እዚያው ትሠራ የነበረች ታናሽ እህቷ ልብስ ስትቀይር የተቀረጸ ምስል ለእጮኛዋ ተልኮ ሠርጓ ቀረ፤ ልጅቷም ራሷን አጠፋች። እታለም ምስሉን በእህቷ ስልክ ላይ ስታየው፣ ከየት ሆኖ እንደተነሳ ወዲያው ገባት።

«የሰረዝኩት እናንተም ሴቶቹን እንዳታዩዋቸው ነው» አለች። «እሱን ግን ትንፋሹ እስኪቆም ዓይኔን ሳልነቅል አየሁት። አይቆጨኝም።»

«ለእጮኛዋ የላከውስ እሱ ነው?» አለች መርማሪዋ።

እታለም ወደ ወንድምየው ዞረች። «ይሄ ነው። እምቢ ስላለችው። ይኑርልኝ ብዬ ተውኩት፤ እስቲ ደግሞ ሰው ሁሉ እሱን ይየው።»

ወንድምየው ተነስቶ ሊወጣ ሲል የሟቹ ሚስት ቀድማው በሩ ላይ ቆመች። እጇን ዘረጋችለት።

«ስልክህን» አለችው።