አንድ ክንድ ያለፈ መጥረጊያ

ሙናካታ የሰባት ዓመት ልጅ ሳለች በሕዝብ መታጠቢያ ቤት ውስጥ ሁለት ሴቶች ሲያወሩ ሰምታ ነበር። ፊታቸውን አታስታውስም፤ ያኔ እንፋሎቱ፣ ኋላም ዘመኑ ሸፍኖባታል። አንደኛዋ፣ «ካላለፍሽ ስድብ ነው» አለች። ሌላዋም፣ «ብዙ ካለፍሽም ስድብ ነው» ብላ መለሰችና ሁለቱም ተሳሳቁ። የሚታለፈው ነገር ምን እንደሆነ ሙናካታ ረስታዋለች፤ ምናልባትም መጀመሪያውኑ አልሰማችውም። እናቷን ብትጠይቅ፣ «የሰው ወሬ አታዳምጪ» ተብላ ጆሮዋን ተቆነጠጠች።

ከዚያ ወዲህ አርባ አምስት ዓመት አልፏል። ሙናካታ የሰው ወሬ ማዳመጥን ሥራዬ ብላ ያዘችው፤ በኪዮቶ ከተማ የወንጀል መርማሪ ሆነች።

በኅዳር ወር፣ አንድ ሐሙስ ጠዋት፣ ሦስት ሰዓት ካለፈ በኋላ ወደ ኪክያ ተጠራች። ኪክያ ከካሞ ወንዝ አጠገብ ያለች ጠባብ መንገድ ናት፤ ሁለት ሰው ጎን ለጎን ከሄደባት ሦስተኛው «ይቅርታ» እያለ ነው የሚያልፈው። ሆኖም ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ወዲህ እግር አይጠፋባትም። ብስክሌት ያቃጭላል፣ ዓሣ ይጠበሳል፣ በየበሩ ደንበኛ ይጠራል። መጨረሻዋ ላይ ያለው ትልቅ የጊንኮ ዛፍ በዚያ ሰሞን ቢጫ ቅጠሉን ያለ ዕረፍት ያረግፍባት ነበር።

ሟቹ አቶ ኡራቤ ጊዞ ይባላሉ። የሰባ አንድ ዓመት አዛውንት፣ የወረቀት ማራገቢያ ሠሪና የሰፈሩ ማኅበር ሊቀመንበር ነበሩ። ከበራቸው አጠገብ፣ በቤታቸው ሥር እንደ ዋሻ የሚገባ መተላለፊያ አለ። እዚያ ውስጥ፣ የሞቱ ሕፃናትን ነፍስ ይጠብቃል ከሚባለው፣ ጂዞ ከተሰኘው የድንጋይ ሐውልት እግር ሥር በጀርባቸው ተዘርግተዋል። የራስ ቅላቸው ከኋላ ተሰንጥቋል። ከክንዳቸው ሥር እንጨቷ የተሰበረ ትንሽ ቢጫ ባንዲራ ትታያለች።

ሙናካታ ሬሳ ከመመርመሯ በፊት እጆቿን አጋጥማ ለአፍታ ዓይኗን ትጨፍናለች። ለማን እንደምትጸልይ ጠይቋት የሚያውቅ የለም። ከዚያ ጎንበስ አለች። የሟቹ ተረከዝ ጭቃና የቅጠል ፍርፋሪ ይዟል፤ ተጎትተዋል። የበሩ ደፍ ድንጋይ ታጥቦ እርጥብ ነው፤ ስንጥቁ ውስጥ ግን ደም ቀርቷል። ሐኪሙ፣ «አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ገደማ ነው የሞቱት» አላት። የሟቹ መጥረጊያ ከበሩ በስተጀርባ ተሰቅሏል። ዳበሰችው፤ ደረቅ ነው።

ስልኳ ጮኸ። አለቃዋ ነው።

«ባንዲራዋ የአስጎብኚዋ ናት አሉ። ትናንት ከሰውዬው ጋር ተጣልታለች። ሬሳውንም ያገኘችው እሷ ናት። ምን ትጠብቂያለሽ?»

«እስከ ስድስት ሰዓት ይስጡኝ።»

«ስድስት ሰዓት ላይ ልጅቷ እዚህ ካልተቀመጠች ሌላ ሰው እልካለሁ» ብሎ ዘጋው።

አስጎብኚዋ ኮሂናታ ሳዬ ሠላሳ አራት ዓመቷ ነው። ከሰሜኑ ደሴት መጥታ በመንገዷ ላይ አንዲት ክፍል ተከራይታ ሦስት ዓመት ኖራለች። በየጠዋቱ ሦስት ሰዓት ላይ እንግዶች አስከትላ ሰፈሩን በእግር ታዞራለች። ያን ቀንም ዘጠኝ ሰዎች ይዛ ወደ ጂዞው ስትገባ ነው ሬሳውን ያየችው። አሁን መቀመጥ አቅቷት መንገዷ ላይ ከግድግዳ ግድግዳ ትመላለሳለች። ጎረቤቱ በየመስኮቱ ቆሞ ያያታል።

«ትናንት ምን ተባባላችሁ?» አለች ሙናካታ።

«ባንዲራዬን ከእጄ ነጠቁኝ። ‹ይቺ ጨርቅ ሁለተኛ እዚህ መንገድ አትታይም› አሉ።»

«አንቺስ?»

ሳዬ መሬት መሬት አየች። «‹ከእርስዎ የሚገላግለኝ አንድ ቀን ይመጣል› አልኩ። ሰፈሩ በሙሉ ሰምቷል።»

«ዛሬ አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ የት ነበርሽ?»

«ወንዝ ዳር። የማስጎበኝበትን ንግግር እየተለማመድኩ።»

«ማን ሰማሽ?»

«ዳክዬዎች።»

«ዳክዬ ቀርቦ አይመሰክርልሽም፣ የኔ እህት።»

«አውቃለሁ። ለዚህ እኮ ነው የምንቀጠቀጠው።»

ከሟቹ ቤት በስተግራ የእንግዳ ማረፊያ አለ። ባለቤቱ ኩሬባያሺ ዳይጎ ከቶኪዮ ከመጣ ሁለት ዓመቱ ነው፤ የአቶ ኡራቤን ቤት ገዝቶ ማረፊያውን ሊያሰፋ ይለምን እንደነበር ሰው ሁሉ ያውቃል። ሙናካታ በሩ ላይ ስትደርስ እግሯ ቁርጭምጭሚቷ ድረስ ቅጠል ውስጥ ገባ።

«አይጠርጉም እንዴ?» አለችው።

«ቅጠሉ ረግፎ ይለቅ፤ ከዚያ አንዴ እጠርገዋለሁ» አለ እያዛጋ። «አንድ ሰዓት ላይ ነው የነቃሁት፤ ምንም አልሰማሁም።»

«ከአቶ ኡራቤ ጋር እንዴት ነበራችሁ?»

«ሁለት ዓመት ሙሉ ‹እንደምን አደሩ› ስላቸው፣ ‹ሰማዩ ዛሬ ጠርቷል› እያሉ ለሰማዩ ነበር የሚመልሱት። ትናንት ማታም ለሰማዩ ነው የመለሱት። ግን እመቤቴ፣ በሰማይ ምክንያት ሰው አይገደልም።»

በስተቀኝ ያለው የጣፋጭ ሱቅ ነው። ባለቤቷ ወይዘሮ ታማኪ ኦሪኤ ስድሳ ስድስት ዓመታቸው ነው፤ የተወለዱትም እዚያው ሱቅ ፎቅ ላይ ነው። ሙናካታ ስትገባ በትልቅ ድስት ቀይ ቦሎቄ ያማስላሉ።

«ልጅቷን ተዉአት» አሉ ገና ሳይጠየቁ። «ጉንዳን እንኳ ዞራ ነው የምታልፈው።»

«አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ የት ነበሩ፣ እትዬ?»

«እዚሁ። ቦሎቄ ከተጣደ ንቅንቅ የለም፤ ዞር ሲሉ ያርራል።»

«የሰሙት ነገር ይኖራል?»

«ጋሼ ኡራቤ ደጃቸውን ሲጠርጉ ሰምቻለሁ። እንደ ሁልጊዜው። ሻሽ፣ ሻሽ።» ማማሰያው በእጃቸው አንዴ ቆመና እንደገና ዞረ።

አራት ሰዓት ላይ ሁለት ሰዎች ጋሪ እየገፉ ከሕዝቡ መሀል ብቅ አሉ። የቤተ መቅደስ ሠራተኞች ናቸው።

«ድንጋዩን ልንወስድ ነው የመጣነው» አለ ሽማግሌው። «አቶ ኡራቤ ትናንት ማታ ደውለው፣ ‹ጂዞው ከተነሳ ጎብኚውም ይነሳል፤ ውሰዱልኝ› አሉን።»

«ሌላ የሚያውቅ ሰው ነበር?» አለች ሙናካታ።

«‹ጂዞውን ለምታለብሰው ሴት ጠዋት ራሴ እነግራታለሁ› ብለዋል። ማን እንደሆነች እኔ አላውቅም።»

ሙናካታ ሰዓቷን አየች። ሳዬን ከመመላለሷ አስቆመቻት።

«ዛሬ ያላለቀ ጉዞ አለሽ። ለኔ ጨርሺልኝ። እንደ እንግዳ ቁጠሪኝና ከድልድዩ ጀምሪ።»

«አሁን? ሊያስሩኝ ሰዓት እየቆጠሩ?»

«ለዚሁ ነው። ለእንግዶችሽ የምትይውን በሙሉ በይ፤ አንድም እንዳታስቀሪ።»

ከድልድዩ ተነሱ። ሳዬ መጀመሪያ ድምፅዋ ይቆራረጥ ነበር። ቀስ በቀስ ግን እግሯም አፏም መንገዱን አገኙት። የዓሣ ሻጩን በር አለፉ፤ «ሦስት ትውልድ አንድ ቢላዋ» አለች። የጃንጥላ ጠጋኙን አለፉ፤ «ዝናብ ሲዘንብ የሚዘጋ ብቸኛ የጃንጥላ ቤት» አለች። ሙናካታ ሳቋ መጣና ዋጠችው። ከዚያም አቶ ኡራቤ በር ላይ ደረሱ።

«እዚህ መሬቱን እዩ እላቸዋለሁ» አለች ሳዬ። «የዚህ አገር ሰው ጠዋት ደጁን ሲጠርግ ወደ ጎረቤቱም አንድ ክንድ አልፎ ይጠርጋል፤ በግራም በቀኝም። ድንበሩ ላይ ቢያቆም ንፉግ ይባላል። እስከ ጎረቤቱ በር ቢጠርግ ደግሞ ‹ሰነፍ ነህ› ማለቱ ነው።»

ሙናካታ ባለችበት ደረቀች። ያደገችው ቅጥር ጠራጊ ባለበት የፖሊስ ቤተሰቦች ሕንፃ ውስጥ ነው፤ ይህን የነገራት አልነበረም። የመታጠቢያ ቤቱ ሴቶች ሳቅ ትዝ አላት።

«ቀጥዪ» አለች።

«አቶ ኡራቤ ግን በጣፋጭ ሱቁ በኩል አንድ ክንድ ያልፋሉ፤ በማረፊያው በኩል ድንበሩ ላይ ቀጥ ነው። ሁለት ዓመት ሙሉ፣ አንድ ጣት እንኳ አልፈው አያውቁም። ድምፅ የሌለው ስድብ ነው እላቸዋለሁ፤ ይስቃሉ። ከዚያ ወደ ጂዞው አስገባቸዋለሁ። ቀዩን የአንገት ጨርቅ እትዬ ታማኪ ናቸው የሚሰፉለት፤ በየማለዳው…»

ሳዬ ንግግሯን አቋረጠች። ሁለቱም መሬቱን እያዩ ነበር። በማረፊያው በኩል፣ ዳይጎ ደጅ ላይ በተከመረው ቅጠል ውስጥ፣ ንጹሕና እርጥብ መሬት አንድ ክንድ ያህል ገብቷል።

«እንግዶችሽ እዚህ ፎቶ ያነሳሉ?»

«ሁሌም።»

«የትናንቶቹም የዛሬዎቹም ፎቶውን እንዲልኩልሽ ንገሪያቸው። ቶሎ።»

አምስት ሰዓት ተኩል ላይ ሙናካታ ሁሉንም በጣፋጭ ሱቁ ውስጥ ሰበሰበች። ዳይጎ በሩ አጠገብ፣ ሳዬ ጥግ ላይ ቆመዋል። ወይዘሮ ታማኪ ከድስታቸው አልተነሱም። ደጅ ላይ ጎረቤቱ ተሰብስቦ ያጉረመርማል፤ አንዱም፣ «አሁን ይዘዋት ይወጣሉ» ሲል ተሰማ።

«አቶ ኡራቤ የሞቱት በራሳቸው ደፍ ላይ ነው» አለች ሙናካታ። «ደሙ ታጥቧል። ከዚያ ወደ መተላለፊያው ተጎተቱ። በቅጠል ላይ የተጎተተ ሰው ደግሞ መንገድ ይተዋል። ስለዚህ ደጁ ተጠረገ።»

«ራሳቸው ጠርገውት ቢሆንስ?» አለ ዳይጎ።

«መሬቱ ውሃ ከተደፋበት በኋላ ነው የተጠረገው። የእሳቸው መጥረጊያ ደረቅ ነው። ይኸውና የትናንት ፎቶ፦ በእርስዎ በኩል የተጠረገው መሬት ድንበሩ ላይ ያበቃል። ይኸውና የዛሬው፦ አንድ ክንድ አልፏል። ማታ ለሰላምታዎ ሰማዩን ያመሰገኑ ሰው በማግሥቱ አንድ ክንድ አይጨምሩም።»

«ቆይ፣ ቆይ። ያ መስመር ምንድን ነው?»

ሳዬ በአጭሩ ነገረችው። ዳይጎ አፉን ከፈተ። «ሁለት ዓመት ስሰደብ ኖሬ አላወቅሁም ማለት ነው?»

«ስላላወቁ ነው ነፃ የሚወጡት» አለች ሙናካታ። «እርስዎ ቢጠርጉ ኖሮ ክንድ መለካት ከየት ያመጡታል? ይቺ ልጅ ደግሞ መስመሩን በየቀኑ ለሰው ታሳያለች። አቶ ኡራቤ የጠረጉ ለማስመሰል ብትፈልግ፣ ድንበሩ ላይ ነበር የምታቆመው። ስለዚህ የጠረገው ሌላ እጅ ነው። ከልጅነቱ ጀምሮ በየማለዳው በግራም በቀኝም አንድ ክንድ ያለፈ እጅ። ጭንቅላቱ የጋሼ ኡራቤን ቂም ያውቃል። በዚያች ሰዓት ግን ጭንቅላቱ ሌላ ቦታ ነበር፤ እጁ የለመደውን ሠራ።»

ማማሰያው ቆሟል። የድስቱ ሥር ማረር ጀመረ፤ ማንም አላወረደውም።

«እትዬ ታማኪ» አለች ሙናካታ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ሲጠርጉ ሰምቻለሁ ብለውኛል። የሰሙት የራስዎን መጥረጊያ ነው። ሬሳውንም የጎተተው አርባ ዓመት ቦሎቄ ያማሰለ ክንድ ነው።»

ወይዘሮ ታማኪ እሳቱን አጠፉ። እጃቸውን በሽርጣቸው ጠረጉ።

«ልጄ በሦስት ወሯ ነው የሞተችብኝ» አሉ። «አርባ አንድ ዓመት ሆናት። ጨርቁን የምሰፋው ለእሷ ነው። ጠዋት ጨርቁን ይዤ ስወጣ፣ ‹ዛሬ ይወስዱታል› አሉኝ። ለመንኳቸው። ‹ድንጋይ ነው እኮ፣ ኦሪኤ› አሉኝ። ገፋኋቸው። አዳልጧቸው ነው ብል እዋሻለሁ። ገፋኋቸው።»

«ባንዲራዬስ?» አለች ሳዬ።

«ከቆሻሻ ጋር ሊጥሏት በብብታቸው ይዘዋት ነበር። ከሥራቸው ሆና አየኋት። ላነሳት እችል ነበር።» ወይዘሮ ታማኪ ቀና ብለው ልጅቷን አዩ። «ተውኳት።»

ሳዬ ወደ ድስቱ ዞረች። ሦስት ዓመት ሙሉ ከእንግዶቿ ቀድማ ጣፋጩን ከእኚህ ሴት እጅ ስትቀምስ ኖራለች።

ሙናካታ ለአለቃዋ ደውላ ሁለት ቃል ተናገረችና ስልኩን ኪሷ ከተተች። «በጓሮ በኩል ወደ ወንዙ የሚያወጣ በር አለ» አለቻቸው። «መኪናውን እዚያ አስመጣለሁ። ሰው ሳያይዎት ይሄዳሉ።»

ወይዘሮ ታማኪ ራሳቸውን ነቀነቁና ወደ ጓዳ ዞሩ።

«በጓሮ አይሆንም» አለች ሳዬ።

ሁሉም ዞረው አዩዋት። ድምፅዋ አይንቀጠቀጥም።

«ደጅ የቆመው ሰው ጠዋት እኔን ሲያይ ነው የዋለው። እርስዎ በጓሮ ቢወጡ፣ እኔ ነገ በዚያ በር ስወጣ ነፍሰ ገዳይ ነኝ። ጋዜጣ ቢጽፈው፣ ፖሊስ ቢምል፣ ‹ከሰሜን የመጣችው ናት› እንዳሉ ይኖራሉ። እትዬ፣ እርስዎ እዚህ ነው የተወለዱት። ከእርስዎ አፍ ካልሰሙ አያምኑም።»

«ዓይናቸውን እንዴት አያለሁ?» አሉ ወይዘሮ ታማኪ። «ስድሳ ስድስት ዓመት እንደምን አደሩ ያልኳቸውን ሰዎች?»

«እኔ ጠዋቱን በሙሉ ሳየው ነው የዋልኩት።»

ከደጅ አንድ ሰው መስታወቱን አንኳኳ፤ ሌላው ዝም አሰኘው። ወይዘሮ ታማኪ ማማሰያውን አጥበው ሰቀሉት። ሙናካታ አላጣደፈቻቸውም፤ ሰዓቷንም አላየችም።

በመጨረሻ ሽርጣቸውን ፈትተው አጠፉት፤ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡት።

«እሺ» አሉ። «በፊት ለፊቱ በር እወጣለሁ። አንድ በአንድ ስማቸውን እየጠራሁ እነግራቸዋለሁ። አንቺ ብቻ ከጎኔ ቁሚ፤ ማን እንዳልሠራው እንዲያዩ።»