ከትራስ ሥር የደበቅሁት ሱፍ

አቴና ውስጥ ሴት ልጅ ባሏን የምትመርጠው አባቷ ከመረጠላት በኋላ ነው። እኔም ፊላግሮስን የመረጥኩት በሠርጋችን ዕለት፣ ዓይነ ርግቤ ከተገለጠ በኋላ ነበር።

ቀና ብዬ ሳየው ግንባሩን አልቦታል። ከጥፍሮቹ ሥር የቀረው ሸክላ እንዳይታይበት ጣቶቹን ጨብጦ ተቀምጧል። ሸክላ ሠሪ ነው። አባቴ የወይራ እርሻ እያለው ለሸክላ ሠሪ የዳረኝ፣ ርስቱን የሚወርስ ወንድም ስለነበረኝ ነው። «ለሴት ልጅ ደግ ሰው ይበቃታል» ይል ነበር።

በልማዳችን ሙሽራ ጫጉላዋ ከመግባቷ በፊት ለአፏ መዓዛ ቢጫ ፍሬ ትገምጣለች። ፍሬው ሽታው ጥሩ ቢሆንም ጣዕሙ አፍ ያኮማትራል። እኔ ገምጬ ፊቴን ሳጨማድድ ፊላግሮስ ሰረቅ አድርጎ አየኝ።

«መራራ ነው እንዴ?» አለኝ በሹክሹክታ።

«ማር ነው፤ ቅመሰው።»

ሞኙ ባሌ አምኖኝ ገመጠው። ዓይኑ እንባ አቀረረ፤ ለመትፋትም አፈረ። እኔ ሳቄን መያዝ አቃተኝ።

«ሳቅሽብኝ» አለ።

«ሳቅሁብህ።»

«እንግዲህ ምን ይደረጋል፣ ዕድሜ ልክሽን ሳቂብኝ።» ይህን ሲል ጆሮው ቀልቶ ነበር። ፊላግሮስ ሲያፍርም ሲዋሽም ጆሮው ይቀላል። የወደድኩት በዚያች ሰዓት ነው፤ ከዚያ በኋላም መውደዴን የሚቀንስ ነገር አላደረገም።

የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል። ወንድሜ የተሳፈረባት መርከብ ከነሰዎቿ ሰጠመች። አባቴም ሐዘኑን አልቻለውምና ብዙ ሳይቆይ ተከተለው። ያኔ ነፍሰ ጡር ነበርኩ።

የአባቴ ወንድም፣ አጎቴ ምናሶን፣ ሐዘኑ ሳይወጣ መጣ። ሴት ከወንዶች ጋር አትቀመጥምና እኔ ከመጋረጃው ጀርባ ቆሜ አዳመጥኩ።

«ሕጉን እኔ አላወጣሁትም፣ ልጄ» አለ ለፊላግሮስ። «ወንድም የሌላት ሴት ከነርስቷ ለአባቷ የቅርብ ዘመድ ትዳራለች። ባል ቢኖራትም ትፈታለች።»

«ነፍሰ ጡር ናት እኮ፣ ጋሽ ምናሶን።»

«እሱንማ ሰምቻለሁ። ወንድ ከወለደች ምን አፍ አለኝ? ልጁ የአያቱን ቤት ያቆማል፣ እሷም ካንተ ጋር ትቀራለች። ሴት ከሆነች ግን ዳኛ ፊት እንገናኝ።»

«ባለቤትዎስ?»

«እፈታታለኋ! አርጅታለች።»

ይህን የሚለው ጥርስ የሌለው ሰው ነው። ከመጋረጃው ጀርባ ሆኜ ፊላግሮስ እንዲቆጣ፣ ቢያንስ እንዲሳደብ ጠበቅሁ። እሱ ግን ተነስቶ እስከ ደጅ ሸኘው።

ከዚያ ቀን ወዲያ ተለወጠብኝ። እንደ ድሮው ሆዴን አይዳብስም፣ ማታ ማታ ስለ ደንበኞቹ እያወራ አያስቀኝም። አጎቴ ደግሞ ወደ ሸክላ ቤቱ መመላለስ አበዛ። የእግሬን ኮቴ ሲሰሙ ወሬያቸውን ያቋርጣሉ።

«ከአጎቴ ጋር ምን ታወራላችሁ?» አልኩት።

«ስለ ዘይት ማሰሮ ነው።»

ጆሮውን አየሁት። ቀልቷል። ሊያስረክበኝ እየተዋዋለ ነው አልኩ በልቤ።

በአገራችን ወንድ ሲወለድ ደጃፍ ላይ የወይራ ጉንጉን ይሰቀላል፣ ሴት ስትወለድ ደግሞ እፍኝ የበግ ሱፍ። አንድ ቀን ፊላግሮስ ከአባቴ እርሻ የተቆረጠ ቅርንጫፍ ይዞ ጉንጉን ሲጎነጉን ደረስኩበት።

«ሱፉስ?» አልኩት።

«የምን ሱፍ?» አለኝ ቀና ሳይል።

ሴት ልጅ ያልፈለገ አባት ሕፃኗን ማሰሮ ውስጥ አድርጎ ከከተማው በር ውጭ ይጥላታል። ያንን ማንም ያውቃል፣ ማንም አያወራውም። የኔ ባል ደግሞ ማሰሮ ይሠራል። በዚያው ሰሞን አፈ ሰፊ ትልቅ ማሰሮ ግቢ ውስጥ ሲደርቅ አየሁ። ለማን እንደሆነ ለመጠየቅ አቅም አጣሁ። ከምፈትለው ሱፍ እፍኝ ዘግኜ ትራሴ ሥር ደበቅሁ። ምን እንደማደርግበት አላውቅም ነበር፤ ለልጄ የሚሰቀልላት ነገር እንዳይጠፋ ብቻ ነው።

ምጡ የያዘኝ ጎህ ሲቀድ ነው። አዋላጇ እማማ ሊዴ ረፋዱ ላይ ልጄን ተቀበለችና ፊቷ ጠቆረ።

«ሴት ናት» አለችኝ። ወዲያው ወደ ጆሮዬ ተጠግታ፣ «ስሚኝ፣ ዛሬ ማለዳ ከከተማው በር ውጭ የተጣለ ወንድ ሕፃን አይቻለሁ። በልብሴ ሸፍኜ ላምጣልሽ። ጉንጉኑን እንሰቅላለን፣ ማን ያውቃል?»

«ልጄስ?»

እማማ ሊዴ ግቢ ውስጥ ወዳለው ማሰሮ አየች። ልጄን ደረቴ ላይ አጥብቄ ያዝኳት።

ፊላግሮስ ገባ። ልጅቷን ቆሞ አያት፣ አያት። እኔ ደግሞ እሱን።

«ሴት ናት» አልኩት።

«አይቻለሁ» ብሎ ወጣ።

ትንሽ ቆይቶ ማሰሮው መሬት ላይ ሲጎተት ሰማሁ። ያን ድምፅ እስክሞት አልረሳውም። ልነሳ ሞከርኩ። ፊላግሮስ ማሰሮውን አቅፎ በሩን በትከሻው ገፍቶ ገባ። ውስጡ ለብ ያለ ውኃ ነበር።

«መታጠቢያዋ ነው» አለ እያለከለከ። «ጭንቅላቷን እንዳይነካት አፉን ሰፋ አደረግሁት።»

እማማ ሊዴ ዞር ብላ አፍንጫዋን ጠረገች።

«ሱፍ ግን አጣሁ» አለ። «አጎትሽ ሳይመጣ መስቀል አለብኝ። የት ነው የምታስቀምጪው?»

ከትራሴ ሥር አውጥቼ ሰጠሁት። ሊቀበለኝ የዘረጋውን እጁን መለሰ።

«ይሄ ከመቼ ጀምሮ ነው እዚህ ያለው?»

«ጉንጉኑን ካየሁ ጀምሮ።»

«እኔን ፈርተሽ ነው?»

ወደ ማሰሮው አየሁ። ወለሉ ላይ ቁጭ አለ።

«ሱፍ ካዘጋጀሁ የምትሄጂብኝ መሰለኝ፣ ቲማሬቴ። ሟርት መሰለኝ። ካጎትሽ ጋር የማወራውም፣ ርስቱን ይውሰድ፣ አንቺን ይተውልኝ ብዬ ለመለመን ነው። የአባትሽን ቤት አጥፊ ብዬ ግን እንዴት ልንገርሽ?»

ፀጉሩን ይዤ ጎተትኩት። «አንተ በሬ! በከንቱ አስጨንቀህ ልትገድለኝ ነበር።»

ሱፉን ወስዶ ደጃፍ ላይ ሰቀለው። አጎቴም ወሬው ደርሶት ፈገግ እያለ ከች አለ። በዚያ ቀን ከመጋረጃው ጀርባ አልቆምኩም። ልጄን ታቅፌ፣ እማማ ሊዴን ተደግፌ ወጣሁ።

«ርስቱን ይውሰዱት» አለ ፊላግሮስ። «እሷን ይተዉልኝ።»

አጎቴ ወደ እኔ ዞረ። «የባልሽ ልመና ሰልችቶኛል። እኔ የምፈልገው ያንቺን መሐላ ነው። ነገ ወንድ ትወልጂና አድጎ ‹የአያቴ ቤት› ቢለኝስ? ከማሕፀንሽ የሚወጣ ሁሉ የአባትሽን ቤት ላይጠይቅ፣ ደጁንም ላይረግጥ፣ እዚህ ምድጃ ፊት ማይልኝ።»

የአባቴ መቃብር ያለው እርሻው ውስጥ ነው። መቃብር ላይ ወይን የሚያፈስለት ዘር የሌለው ሙት፣ እኛ ዘንድ፣ እንደተጠማ ይኖራል። አባቴ በእኔ አንደበት ሊረሳ ነው። ፊላግሮስን አየሁት። ጣቶቹን ጨብጦ፣ እንደ ሠርጋችን ዕለት አልቦት ቆሟል። አልለመነኝም።

እሳቱ ላይ እጄን ዘርግቼ ማልኩ። አባቴን ዳግመኛ የቀበርኩት ያኔ ነው።

«ወይራ ጥለሽ ጭቃ አነሳሽ» አለ አጎቴ ሊወጣ ሲል።

«ወይራው አያስቀኝም፣ አጎቴ» አልኩት።

ጉንጉኑ ደርቆ እስካሁን ምድጃው አጠገብ ተሰቅሏል። ከአባቴ ርስት የደረሰኝ እሱ ነው።

ልጃችን ማሰሮ ለመያዝ በደረሰች ዓመት፣ የሙታን በዓል ሲሆን፣ ሦስታችን ወደ እርሻው ሄድን። መሐላ ነውና ደጁን አልረገጥንም። መቃብሩ የሚታይበትን የድንጋይ አጥር ታከን ቆምን። ፊላግሮስ ልጅቷን ትከሻው ላይ አወጣት። ለእጇ ልክ በሠራላት ትንሽ ማሰሮ ወይኑን ከአጥሩ ወዲያ አፈሰሰችው። ከመቃብሩ አልደረሰም፤ ደረቁ አፈር ወዲያው መጠጠው።

«አያቴ ጠጣ?» አለች ከላይ ሆና።

«ጠጣ እንጂ» አላት አባቷ።

ጆሮውን አየሁት። አልቀላም።