የእናቶች ሣጥንና ሁለቱ አዞዎች

በ፲፰፻፷፭ ዓመተ ምሕረት በኅዳር ወር፣ የአሻንቲ ጫካ ገና የዝናቡን ውሃ አራግፎ ሳይጨርስ፣ ወደ ባሕር የሚወርደው መንገድ በተሸካሚ ተጨናንቆ ነበር፤ ከኩማሲ በስተደቡብ የአንድ ቀን መንገድ ርቃ በምትገኘው በአሱኦቤን ከተማ መካከል የባሩድ በርሜልና የደረቀ ዓሣ ከንጋት እስከ ምሽት ያልፋል። የኩማሲው ንጉሥ ጦሩን የፕራ ወንዝን አሻግሮ በጠረፍ ካሉት ነጮችና ከወዳጆቻቸው ጋር ሊገጥም ነውና፣ በሥሩ ያለ ባላባት ሁሉ እንደ ማዕረጉ ሰውና ጠመንጃ እንዲያዋጣ ታዟል። አሱኦቤን ግን ከጦርነቱ በፊት ኦድዊራ የሚባለውን የአዲሱን የቦዬ ሥር መከር በዓል ማክበር ነበረባት፤ ሦስት ቀን ቀርቶታል።

በዚያን ዕለት ጠዋት የግምጃ ቤቱ ሣጥን ለበዓሉ በቅጠልና በምንጭ ውሃ ሊታጠብ ከጓዳ ወጣ። ሣጥኑ ሦስት ቁልፍ ነበረው፤ አንደኛው በገዥው በናና ክዋኩ ዶምፌ፣ ሁለተኛው በታላቅ እኅታቸው፣ በአገሪቱ እመቤት በናና አፉዋ ስራሃ፣ ሦስተኛው በወርቅ መዛኞች አለቃ በያው ብሮቤ እጅ ይኖራል፤ ሦስቱ ካልተገናኙ ሣጥኑ አይከፈትም። «ናና» በአገሩ ለገዥም ለእመቤትም የሚሰጥ የክብር መጠሪያ ነው። ብሮቤ ሃምሳን ያለፈ፣ አጭርና ነጭናጫ ሰው ነው፤ ግራ እግሩን በዚያው ክረምት የውሃ ትል በልቶት ገና ያነክሳል። ከሣጥኑ ውስጥ በቀይ ክር የታሰሩትን የወርቅ ከረጢቶች እያነሣ አቧራቸውን ሲያራግፍ፣ ከላይኛው ረድፍ አንዱን በመዳፉ ላይ እንዳሳረፈ እጁ ቀጥ አለ። ከረጢቱ ቀሎታል። ሁለተኛውን አነሣ፤ ያም ቀሎታል። ከታችኛው ረድፍ አንድ ቢያነሣ መዳፉ የሚያውቀው የቆየው ክብደት ነው።

«ምነው ብሮቤ፣ አሞሃል እንዴ?» አሉ ናና አፉዋ ስራሃ፤ ሰባ ዓመት ቢሞላቸውም ዓይናቸው እንደ ወጣት ነው።

«እግሬን ነው፣ ናና» አለ። በሃያ ስምንት ዓመት አገልግሎቱ ለእመቤቲቱ ሲዋሽ የመጀመሪያው ነበር።

የሣጥኑ ሕግ የቆየ ነው። ከብሮቤ አያት በፊት አንድ ገዥ ነበር፤ ስሙ እንዳይጠራ ስለተከለከለ እኛም አንጠራውም። ጌጥና ጦርነት ይወድ ነበርና ግምጃ ቤቱን ሁለት ጊዜ አራቆተ፤ በሦስተኛው ወርቅ ቢያጣ የሕዝቡን ልጆች ለዕዳው መያዣ አድርጎ ሰጠ። ከሄዱት ልጆች የተመለሰ የለም። እናቶቹ አንድ ቀን ጠዋት ተሰብስበው ወንበሩ ድረስ ገቡና ነጠላ ጫማውን ከእግሩ አወለቁት፤ በዚያ አገር ደግሞ ባዶ እግሩ መሬት የነካ ገዥ ከዚያች ሰዓት ጀምሮ ገዥ አይደለም። ከዚያ ወዲህ ወንበሩን የሚይዝ ሁሉ በሕዝብ ፊት ይነገረዋል፤ ከሚገባው ወርቅ ሲሶውን ለሣጥኑ ሳታስቀምጥ እንድትበላ አንፈልግም፤ ያለ ሦስቱ ቁልፍ እንድትከፍት አንፈልግም፤ የተበደርከውን ከሚቀጥለው ኦድዊራ በፊት ሳትመልስ ዳግመኛ እንድትበደር አንፈልግም። እርሱም በእያንዳንዱ «ሰምቻለሁ» ይላል። ሣጥኑንም የእናቶች ሣጥን አሉት።

ናና ክዋኩ ዶምፌ ባለፈው ዓመት ለጦር መሣሪያ ብለው ከሣጥኑ መቶ ፔሬድዋን ወርቅ ተበድረው ነበር፤ ፔሬድዋን ማለት አንዲት ከረጢት የምትሞላው ልክ ነው። ከወር በፊትም መቶ ከረጢት በጥሩምባ መለሱ፤ ሕዝቡም ገዥያችን ቃሉን የሚጠብቅ ነው ብሎ አወደሳቸው። ብሮቤ ያን ዕለት በእግሩ ሕመም ተኝቶ ስለነበር፣ ቁልፉን ለእኅቱ ልጅ ለኮፊ ንቲም ሰጥቶ መዛኝ አድርጎ የላከው እርሱን ነበር። ንቲም ሠላሳ ዓመቱ ነው፤ በአገሩ ደንብ ሰው የሚወርሰው የእኅቱ ልጅ ነውና፣ የብሮቤ ቤትም ሚዛንም ስምም ነገ የንቲም ነው።

ብሮቤ እያነከሰ ንቲምን ፍለጋ እኅቱ አምፖንሳ እርሻ ድረስ ወረደ። እናትና ልጅ ጎደሬ ሲቆፍሩ አገኛቸው።

«ንቲም፣ የገዥውን ብድር በየትኛው አዞ ነው የመዘንከው?»

ንቲም ከጉድጓዱ ቀና አላለም። «አዞ አዞ ነው፣ አጎቴ።»

«እኔ ላይ አትቀልድ!»

በአሻንቲ አገር የወንበሩ መመዘኛ ከገበያው መመዘኛ በሲሶ ይከብዳል፤ ለገዥ የሚገባ ሁሉ በከባዱ ይመዘናል፣ ትርፉም የወንበሩ ነው፤ ይህን የማያውቅ ሕፃን የለም። የአሱኦቤን መመዘኛዎች ሁለቱም ዓሣ የጎረሱ የነሐስ አዞዎች ናቸው፤ ጎን ለጎን ካላስቀመጧቸው በቀር ሩቅ ቆሞ የሚለያቸው የለም። ብድሩ ሲወጣ በትልቁ አዞ ወጥቷል።

«ናና ክዋኩ ራሳቸው ናቸው በእጃቸው የሰጡኝ» አለ ንቲም በመጨረሻ። «‹ዛሬ መዛኙ አንተ ነህ፣ በዚህ መዝን› አሉኝ። እና ምን ልበል? ‹ይሄ እኮ ትንሹ ነው› ልበል? አንገቴን የት ላስቀምጠው?»

«ለኔ አትነግረኝም ነበር?»

«እርስዎስ? ቁልፉን ማን ነው የሰጠኝ? ከእጅዎ እንዳይወጣ አልነበረም እንዴ ሕጉ? ተሸክመው ሊወስዱዎት ሲመጡ ‹ተዉኝ፣ ንቲም ይበቃል› አላሉም?»

 እውነት ነበርና ብሮቤን ነደደው።

አምፖንሳ ዶማዋን ጥላ መጣች። «ወንድሜ፣ መቶ ወጣ፣ መቶ ገባ። ከረጢት በመዳፉ የሚመዝን ካንተ በቀር ማን አለ? መዳፍህን ዝም አሰኘው።»

«በበዓሉ ሁለት መቶ ሊጠይቁ ነው፣ አምፖንሳ። የፊተኛውን መልሰዋል ተብሎ ይፈቀድላቸዋል። ከዚያም በትልቁ ይወስዳሉ፣ በትንሹ ይመልሳሉ። እንዲህ ሁለት ሦስቴ ቢመላለስ ከሣጥኑ ግማሹ ይሄዳል፤ ቁጥሩ ግን ሙሉ ነው!»

«ይሂድ! የሚሞተው የኔ ልጅ ነው፤ የሣጥኑ ልጅ አይደለም!»

ብሮቤ ከዚያ እርሻ ሲወጣ ዝም ለማለት ወስኖ ነበር። 

በኦድዊራ ዕለት ፀሐይ ሞቅ ሲል አደባባዩ ሞላ። ናና ክዋኩ ዶምፌ በክንዳቸው እስከ ክርናቸው የወርቅ አምባር አድርገው፣ በትልቁ ጃንጥላ ሥር ተቀመጡ፤ ክፉ ሰው አልነበሩም፤ ኩማሲ ላይ ከጎረቤት ባላባቶች አንሰው መታየትን እንደ ሞት የሚፈሩ ሰው ነበሩ እንጂ። ገዥ በአደባባይ በራሱ አንደበት አይናገርምና አፈ ንጉሡ በትሩን ይዞ ቆመ፤ የተበደሩት እንደተመለሰ፣ ጦርነቱም እንደማይጠብቅ፣ ስለዚህ ሁለት መቶ ፔሬድዋን እንዲፈቀድላቸው እንደሚጠይቁ አሰማ።

በደንቡ መሠረት እመቤቲቱ መዛኙን ሦስት ጊዜ ይጠይቃሉ፤ መዛኙም በእያንዳንዱ «ገብቷል፣ ቦታውን ይዟል» ይላል።

«ብሮቤ፣ የወጣው ገብቷል?»

 የብሮቤ ዓይን ንቲም ላይ ዐረፈ፤ ንቲም ከሚዛኑ አጠገብ ቆሞ ላብ አጥምቆታል።

«የወጣው ገብቷል ወይ?» አሉ ዳግመኛ።

ገዥው ለአፈ ንጉሡ ሹክ አሉት፤ እርሱም ጮክ ብሎ «ናና የሚሉት፣ ትሉ ከእግሩ ወጥቶ ምላሱ ውስጥ ገባ እንዴ ነው» አለ። አደባባዩ ሳቀ። ብሮቤም ከሚስቁት መካከል ልጆቻቸውን ያዘሉ ሴቶች አየ፤ ሣጥኑ የነዚህ ነው። በእርሱ ብቻ ቢስቁ ኖሮ ምናልባት ዝም ባለ ነበር፤ የሚስቁት ግን በራሳቸው ላይ ነበር፣ አላወቁትም።

«ለሦስተኛ ጊዜ፤ ገብቷል?»

«አልገባም፣ ናና።»

ሳቁ ቀጥ አለ። የሰይፍ ጃግሬዎቹ ፊታቸውን ወደርሱ አዞሩ። ብሮቤ እያነከሰ ወደ ሚዛኑ ሄደና ሁለቱን አዞዎች ከየከረጢታቸው አውጥቶ፣ አንዱን በቀኝ አንዱን በግራ ሰሐን አስቀመጠ። በትልቁ አዞ በኩል ያለው ሰሐን ዘቅዝቆ ምንጣፉን ነካ። መቁጠር የማይችለውም ሰው አየ።

«በዚህ ወጣ» አለ በጣቱ እያሳየ፣ «በዚህ ገባ። ከአራቱ እጅ አንዱ ጎድሏል። ቁልፉን ከእጄ ያወጣሁት እኔ ነኝ፤ ጥፋቱ የኔ ነው።»

ከሴቶቹ መካከል አንዲት ጨው ነጋዴ «ትልቁማ የእኛን በልቶ ነው የወፈረው!» ብላ ጮኸች፤ በዚህ ጊዜ ግን የሳቀ የለም።

ናና ክዋኩ ዶምፌ አፈ ንጉሡን ትተው በገዛ አፋቸው ተናገሩ። «መቶ ወሰድኩ፤ መቶ መለስኩ። የማልኩበት ቃል ‹የተበደርከውን› ይላል እንጂ ይሄ አዞ ያ አዞ ይላል?» ሽማግሌዎቹ ተያዩ፤ እውነትም እንዲህ የሚል ቃል በመሐላው ውስጥ አልነበረም። አንዱ ሽማግሌ በእሺታ ራሱን ሊነቀንቅ ዳዳው። ብሮቤ የሞተው ያኔ መሰለው።

ናና አፉዋ ስራሃ ተነሡ። «ወንድሜ፣ ከኛ ግብር ስትቀበል በየትኛው አዞ ነው የምትቀበለው?»

«በ... በትልቁ ነዋ።»

«አንተ ስትቀበል ትልቅ፣ ስትመልስ ትንሽ?» አሉና እስከ ወንበሩ ሄደው፣ በሰባ ዓመት ጉልበታቸው ተንበረከኩ፤ እጃቸውን በገዥው ነጠላ ጫማ ማሰሪያ ላይ አሳረፉ። ማሰሪያውን አልፈቱም፤ ያዙት ብቻ። «ፀሐይ አናት ላይ ሳትደርስ ጎደሎው ይሙላ።»

 ገዥው የእኅታቸውን እጅ ተመለከቱ፤ ከዚያም ከክንዳቸው አንዱን አምባር አወለቁ፣ ሁለተኛውንም፤ ሲጨርሱ ክንዳቸው ባዶውን ቀረ። ብሮቤ በትልቁ አዞ አንድ በአንድ መዘነው፤ ሃያ አምስት ፔሬድዋን ሲሞላ እመቤቲቱ እጃቸውን አነሡ። ይሁን እንጂ ዕዳው የተከፈለው ከበዓሉ በፊት ሳይሆን በበዓሉ ዕለት ነበርና፣ ሁለት መቶው ለዚያ ዓመት ተከለከለ።

ገዥውም ለፍርዱ ዘወር አሉ። «ማን ነው የመዘነው?»

«ቤቴ ነው፣ ናና፤ እኔ...» ሲል ብሮቤ፣ ንቲም አቋረጠው። «እኔ ነኝ። ይተዉ፣ አጎቴ። እኔ ነኝ የመዘንኩት።»

«እንግዲያው ለኔ የመዘነ ከፊቴ ይሂድ። ጦሩ ፕራን ሲሻገር ውሃው ውስጥ መጀመሪያ እርሱ ይግባ።» በገዥው ትእዛዝ መመዘኑን ያላወቀ አልነበረም፤ ቢሆንም አንድም ሽማግሌ አልተነሣም። ለወንበሩ ክብር አንድ ሰው መክፈል ነበረበት።

ንቲም ወንዙን በደኅና ተሻገረ። የገደለው ጥይት አልነበረም፤ በዚያ ዘመቻ ከጥይት ይልቅ ፈንጣጣና ተቅማጥ ብዙ ሰው ፈጀ። በሩቅ አገር ለሞተ ሰው ፀጉሩንና ጥፍሩን አምጥቶ መቅበር በአገሩ ደንብ ነው፤ የንቲም ግን ያም አልመጣም፤ ፊቱ በፈንጣጣ የተበሳሳ አንድ ተሸካሚ ወሬውን ብቻ ይዞ መጣ። አምፖንሳ ከዚያ ቀን ጀምሮ ወንድሟን አላነጋገረችውም።

በ፲፰፻፷፮ ዓመተ ምሕረት በጥር መጨረሻ የእንግሊዝ ጦር ኩማሲ ገብቶ አቃጠላት፤ ካሣ ተጣለ፣ የጨው መንገድ ተዘጋ፣ የቦዬ ዘር ጠፋ። በዙሪያው ካሉት ከተሞች ልጆቻቸውን በመያዣ የሰጡ ነበሩ። በአሱኦቤን ግን ሦስቱ ቁልፎች ተገናኙ፤ የእናቶች ሣጥን ተከፍቶ የከተማይቱ ድርሻ ተከፈለ፣ ዘርና ጨው ተገዛ፤ ከአሱኦቤን አንድ ልጅ አልወጣም። ጨው ሲታደል ሚዛኑን የያዘው ብሮቤ ነበር። አምፖንሳ ተራዋ ደርሶ ድርሻዋን ተቀበለች፤ ከዓመት በላይ ዝም ካለች በኋላም አፏን ከፈተች።

«ወንድሜ፣ ይሄ ጨው ስንት ይመዝናል?»

ብሮቤ ወደ ሚዛኑ አጎንብሶ የሚቀጥለውን ድርሻ ሰፈረ።

የዚያን ዘመን ነገር የጻፉ ሰዎች የተቃጠለውን ቤተ መንግሥትና በካሣ የተጠየቀውን ወርቅ እስከ ወቄቱ ጽፈውታል፤ የነገሥታቱንና የጄኔራሎቹን ስም እናውቃለን። በአንዲት ትንሽ ከተማ ልጆች ሳይወሰዱ እንደቀሩ የጻፈ የለም፤ ያልሆነ ነገር ማን ይጽፈዋል? ከተማይቱም ብትሆን የንቲምን ስም አላቆየችም። ያቆየችው አንድ ዓረፍተ ነገር ነው።

ናና ክዋኩ ዶምፌ ሞተው የእኅታቸው ልጅ በወንበሩ ሲተካ፣ አፈ ንጉሡ የቆየውን መሐላ ቃል በቃል አሰማና በመጨረሻ አዲሱን ጨመረ፤ «በትልቁ አዞ ወስደህ በትንሹ እንድትመልስ አንፈልግም።»

ወጣቱ ገዥ ዝቅ ባለ ድምፅ «ሰምቻለሁ» አለ።

ብሮቤ በምርኩዙ ተደግፎ አንገቱን ደፍቶ ነበር። ከሴቶቹ መካከል አንድ የሚያውቀው ድምፅ ሲነሣ ቀና አለ፤ አምፖንሳ ናት፤ እጇን ዘርግታ በሰው ሁሉ ፊት ትጮኻለች።

«እኛ አልሰማንህም! ጮክ በል!»

 ገዥው ወደርሷ ዞሮ፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ ደገመው።