የአሮጌው ቦርድ አድራሻ

ሰይፈሥላሴ በስልክ መጠገኛ ሱቁ ወለል ላይ ሞቶ የተገኘው በጠራራ ፀሐይ ነው። ውጭ ኮልፌ 18 ማዞሪያ ላይ የታክሲ ረዳቶች ይጮኻሉ። እሱ ከጠረጴዛው ሥር ተዘርግቷል። ጭንቅላቱን የመታው ሞርሳ፣ ከባዱ የብረት መያዣ፣ አጠገቡ ወድቋል። የራሱ ስልክ በኬብል ከኮምፒውተሩ ጋር እንደተያያዘ ነው፤ አይበራም።

የሱቁ ሠራተኛ ጉታ ወዲያው ታሰረ። ነገ ፍርድ ቤት ይቀርባል። ምርመራውን የያዘችው ኢንስፔክተር ወለተጻድቅ ግን ልቧ አላመነም።

«ጠዋት ሲጨቃጨቁ በጆሮዬ ሰምቻለሁ» አለች የሟቹ ባለቤት ፋሲካ። «ሌላ ምን ይፈለጋል?»

«በምን ተጨቃጨቁ?»

«በሥራ ነዋ። እኔ ያንን ኮምፒውተር ማብራት እንኳ አላውቅም።»

ጉታ በጣቢያው አግዳሚ ላይ በካቴና ተቀምጧል።

«ስልኩን አስነሡት!» አለ። «ሰይፌ የደንበኛን ድምፅ በስልኩ ሳይቀዳ ሥራ አይጀምርም። ‹ስልኬ ፍላሽ ሲደረግ፣ ሶፍትዌሩ እንደ አዲስ ሲጫን፣ ፎቶዬ ቢጠፋ አልጠይቅም› ያስብላቸዋል። ኋላ የሚመጣው ጭቅጭቅ አንገፍግፎት ነው። የገባው ሰው ድምፅ እዚያ አለ።»

«እናስነሣዋለን። አንተ ግን አትነካውም፤ ተጠርጣሪ ነህ።»

«ሌላ ሰው ይንካው! ብቻ ቦርዱ…»

«በቃ፣ ሰዓት አልቋል!» ብሎ ጠባቂው ጎትቶ አስነሣው።

ከሱቁ ፊት ለፊት የስልክ ቻርጀር የሚሸጠው ኤልናታን ነው። ለዓመታት ከሰይፈሥላሴ ጋር ሠርቷል።

«ከመስከረም ወዲህ እግሬ እዚያ ረግጦ አያውቅም» አለ። «እንዲህ የሞተ ስልክ ደግሞ አይነሣም፣ ኢንስፔክተር። በከንቱ አይድከሙ።»

ወለተጻድቅ ከሳንሱሲ ሰፈር ዙሀራ የምትባል ጠጋኝ አስጠራች። ዙሀራ የሱቁን ኮምፒውተር ጉታ በሰጠው የይለፍ ቃል ከፍታ ተቀመጠች። ኬብሉን ሰካች፣ ነቀለች፣ እንደገና ሰካች።

«ምን ሆነ?» አለች ወለተጻድቅ።

«ሊያሳብደኝ ነው! ስልኩ ውስጥ እያንዳንዱ ክፍል የት ጀምሮ የት እንደሚያልቅ የሚናገር የአድራሻ ፋይል አለ። ኮምፒውተሩ ያለ እሱ የት እንደሚያነብ፣ የት እንደሚጽፍ አያውቅም። የዚህን ሞዴል ፋይል ሰጠሁት። የማነበው ግን ዝም ብሎ ዝብርቅርቅ ነው።»

«እንዳትጽፊበት!»

«አልጽፍም፤ እያነበብኩ ብቻ ነው።»

ሻይ መጣ፤ ቀዘቀዘ። መብራት ሄደ፤ ተመለሰ። ወለተጻድቅ ከበሩ እስከ ጠረጴዛው ትመላለሳለች። ድንገት ቆመች። «ጉታ ስለ ቦርድ አንድ ነገር ጀምሮ ነበር። ክፈችው እስቲ።»

ዙሀራ ስልኩን ፈታችው። «አዬ! ቦርዱ፣ ዋናው የውስጥ አካሉ፣ ተቀይሯል እኮ። ሞዴሉ ያው ነው፤ የዳታ ማስቀመጫው ግን ሰፊ ነው። አድራሻዎቹም ሌላ ናቸው።»

ወለተጻድቅ ጉታን ልትጠይቅ በቀጥታ ወደ ጣቢያው ሄደች።

በማግስቱ ማለዳ፣ ከፍርድ ቤቱ ሰዓት በፊት፣ ሁሉም በሱቁ ተሰበሰቡ። ጉታ በካቴናው መጣ።

«ገዳዩ ሟቹ ሰው እንደሚቀዳ ያውቃል» አለች ወለተጻድቅ። «ስለዚህ ድምፁ ያለበትን ክፍል ሊደመስስ ሞከረ። ዙሀራ፣ ንገሪያቸው።»

«ጉታ በነገረን የአዲሱ ቦርድ ፋይል ስልኩን አነበብኩት። የተደመሰሰው ቦታ የሚጀምረው በአሮጌው ቦርድ ፋይል የባለቤቱ ዳታ በሚጀምርበት አድራሻ ላይ ነው። በአዲሱ ቦርድ ግን እዚያ ያለው ስልኩን የሚያስነሣው ሲስተም ነው። ዳታው ራቅ ብሎ ተቀምጧል፤ አልተነካም።»

«አልገባኝም» አለች ፋሲካ።

«ያንቺን ቤት ሊያፈርስ መጥቶ የጎረቤትሽን አፈረሰ ማለት ነው» አለች ወለተጻድቅ። «ይህን ማን ያደርጋል? አንቺ ይህን ሥራ አታውቂም። ጉታ አዲሱን ቦርድ በጥር ወር በገዛ እጁ በየደ፤ አዲሱንም ፋይል የጫነው እሱ ነው። አሮጌውን አይመርጥም። የሚመርጠው ሥራውን የሚያውቅ፣ የቦርዱን መቀየር ያልሰማ ሰው ነው። ኤልናታን፣ አንተ በመስከረም ወጥተሃል።»

ኤልናታን ሳቀ። «ያ ፋይል የሌለው ቴክኒሺያን አለ እንዴ?»

«የለም። የዚህን ኮምፒውተር የይለፍ ቃል የሚያውቅ ግን ከጉታ ሌላ አንተ ብቻ ነህ። ዙሀራ፣ አሰሚን።»

ከድምፅ ማጉያው ሳቅ ወጣ። የኤልናታን ነው።

«እኔንም ትቀዳለህ? ተው እንጂ ሰይፌ!»

«የተሰረቀ ስልክ መለያ ቁጥር አልቀይርም ብዬሃለሁ። አሁንስ በዛ፤ ለፖሊስ እናገራለሁ።»

ከዚያ ከባድ ነገር ሲወድቅ ተሰማ።

ካቴናው ከጉታ እጅ ወጥቶ ኤልናታን እጅ ላይ ገባ። ፋሲካ አንገቷን ደፋች።

«ይቅር በለኝ፣ ጉታ።»

«ሰፈሩ ሁሉ ነፍሰ ገዳይ ብሎኛል፣ እትዬ። ለእነሱስ ማን ይነግርልኛል?»

ፋሲካ ነጠላዋን አስተካክላ ተነሣች።

«ና፣ ከየትኛው ቤት እንጀምር?» አለችው።